ከቤታችን ዓሣዎች የተማርነው





ልዑል እግዚአብሔር በዕለተ ሐሙስ ከውኃ ስላስገኛቸው ፍጥረታት ስንማር ዓሣን በስሙ እንጂ በኑሮው አናውቀውም ነበር። እዚህ ቃሊቲ፣ በቤታችን ውስጥ፣ በመስተዋት ገንዳ አራት ወርቃማ ዓሣዎችን ማኖር ከጀመርን ወዲህ ግን ብዙ አስተዋልን። ዓሣው የዐይን ቆብ ስለሌለው ሲያርፍም ዐይኑ አይከደንም። በአፉ ያስገባውን ውኃ በስንጥቡ ሲያስወጣ፣ በውኃው የሟሟውን ኦክሲጅን ያስቀራል። የምግብ ሰዓትንም ለምዶ ይጠብቃል።

አንድ ቅዳሜ ግን በማግሥቱ እንግዳ ይመጣል ብለን ገንዳውን ልናሳምር ተነሣን። ውኃውን በሙሉ ደፋን፤ ጠጠሩንና ማጣሪያውን በቧንቧ ውኃ አጠብን፤ ወዲያውም ከቧንቧው ሞላንበት። ውኃው ጠርቶ ስናየው ደስ አለን። ዓሣዎቹ ግን ወደ ላይ ወጥተው አየር ይጎነጩ ጀመር። እሑድ ከቅዳሴ ስንመለስ ሁለቱ ሞተው አገኘናቸው። ታናሽ እኅታችን «ምን አደረጓችሁ?» ብላ ስታለቅስ የምንመልስላት አጣን።

ምክንያቱን ብንመረምር ጥፋቱ የእኛ ሆኖ ተገኘ። አንደኛ፣ በቧንቧ ውኃ ጀርም እንዲገድል የሚጨመረው ክሎሪን ሰውን ቢጠብቅም የዓሣን ስንጥብ ይጎዳል። ሁለተኛ፣ ከዓሣው እዳሪና ከምግብ ትራፊ አሞኒያ የተባለ መርዝ ይወጣል። በጠጠሩና በማጣሪያው ላይ የሚኖሩ ባክቴሪያዎች አሞኒያውን ወደ ናይትራይት፣ ናይትራይቱንም እምብዛም ወደማይጎዳው ናይትሬት ይለውጡታል። እኛ እንደ እድፍ ቆጥረን ያጠብነው እነዚህን አገልጋዮች ነበር። የቃሊቲ የፍሳሽ ማጣሪያ ጣቢያም የከተማውን ቆሻሻ ሲያጣራ እንዲህ ባሉ ጥቃቅን ፍጥረታት ይጠቀማል።

አሁን ውኃውን በባልዲ ቀድተን፣ ክሎሪኑ እንዲበንን ክፍቱን ቀንና ሌሊት እናቆየዋለን። በሳምንት ሩቡን ብቻ እንለውጣለን፤ ማጣሪያውንም ከገንዳው በቀዳነው ውኃ እናለቀልቃለን። የተረፉት ሁለቱ ደኅና ናቸው።

ወገኖቻችን! በገንዳው ያየነው በደጃችንም አለ። ወደ አቃቂ ወንዝ የምንጥለው ሁሉ አባ ሳሙኤል ሐይቅ ይገባል፤ ከዚያም ወደ አዋሽ ይወርዳል። በዚያ ላለው ዓሣ ባልዲ ይዞ ውኃ የሚለውጥለት የለም። ሰው ፍጥረትን እንዲገዛ የተሰጠው ሥልጣን አደራም ነው። በጎ አሳብ ብቻውን እንደማይበቃ ሁለቱ ዓሣዎች አስተምረውናልና፣ እጃችንን ከማንሣታችን በፊት እንወቅ፤ አውቀንም እንጠብቅ።