የሠርጉ ቀሪ ክፍያ በማን እጅ ይሁን?

ሠርግ የሚደግስ ቤተሰብ መጀመሪያ የሚቆርጠው ቀን ነው። በኦርቶዶክሳውያን ዘንድ በጾም ሠርግ ስለማይደገስ ከጥምቀት እስከ ዐቢይ ጾም ያለውን ጊዜ ሁሉም ይሻማበታል። ርዝመቱ ግን ከዓመት ዓመት አንድ አይደለም፤ በ2018 ዐቢይ ጾም የካቲት 9 ሲገባ፣ በ2019 የሚገባው የካቲት 29 ነው። መሐል ላይ የነነዌ ሦስት ቀናት አሉ። ስለዚህ አዳራሽ ከመጠየቅ በፊት ባሕረ ሐሳቡን ማየት፣ ቀኑ ሲታወቅ ደግሞ ከዚያ ወደ ኋላ መቁጠር ነው፤ ጠጁ ሳምንታት ቀድሞ ይጣላል፣ ጠላው ይከተላል፣ ሽንኩርቱና ዶሮው የመጨረሻዎቹ ቀናት ሥራ ነው።

የጥሪ ካርዱን፣ ልብሱንና ኬኩን እህትና ጓደኛ ይጨርሱታል። ድስትና ወንበር ከእድር ይገኛል። የሙስሊም እንግዶች ሥጋ ለብቻው ታርዶ ለብቻው እንዲሠራ ወጥ ሠሪዋ ቀድማ ትወቅ።

የደጋሹ ሰላም የሚደፈርሰው በቀብድ ነው። ድንኳን ተካዩ፣ ቪዲዮ አንሺው፣ ዲጄው፣ መኪና አከራዩ ቀብዳቸውን ተቀብለው ይሄዳሉ፤ ቀሪውን የሚጠይቁት ግን ሁሉም በአንድ ቀን፣ ያውም በሠርጉ ዕለት ነው። አዲስ አበባ ውስጥ እህቱን የዳረ አንድ ወጣት ይህ ደርሶበታል። ሙሽራው ደጃፍ ደርሶ ጭፈራው ሲደምቅ፣ እሱ ጓሮ ሆኖ ከድንኳን ተካዩ ጋር ይከራከራል። ሰውየው ምንጣፉና የጎን መጋረጃው በዋጋው ውስጥ የሉም ይላል፤ ወንድምየው አሉ ይላል። የያዘው ደረሰኝ ላይ «ድንኳን» ከሚል ቃልና ከቀብዱ መጠን በቀር ምንም አልተጻፈም። እሺ ብሎ በስልክ ሊልክለት ሲል የዕለቱ የዝውውር ጣሪያ ሞልቷል። እህቱ ከቤት ስትወጣ አላያትም።

ስለዚህ ቀብድ ስትሰጥ አስጽፍ! የድንኳኑን ስፋት፣ ምንጣፉን፣ መጋረጃውን፣ የሚተከልበትንና የሚነሣበትን ሰዓት፣ የቀረውን ብር። ሰውየው ዘመድ ቢሆንም አስጽፍ፤ ዘመድን በሠርግ ቀን መጣላት ከሁሉ ይብሳል። ከሠርጉ ሁለት ቀን ቀድመህ ባንክ ሂድና ቀሪውን አውጣ፤ በየፖስታው ከፋፍለህ በላዩ ስምና መጠን ጻፍ። ፖስታዎቹን ከነውሎቹ ለአንድ ሰው አስረክብ፤ ከዚያ በኋላ ድንኳን ተካዩም ዲጄውም የሚደውሉት ለእሱ ብቻ ይሁን።

ሚዜ አይሁን፤ ሚዜ ከሙሽራው አይለይም። ገንዘቡ ሲሰጥ ፊርማ መቀበል የማይታክተው፣ በሰው ጩኸት የማይደነግጥ፣ ጡረታ የወጣ አጎት ከሁሉ ይመረጣል። የአንተን ስልክ ደግሞ የእህትህ ልጅ ትያዘው።

መልሱ በማግስቱ ከሆነ የዚያን ቀን ፖስታዎች ለብቻ እሰር፤ አጎትየውም የመጀመሪያውን ቀን ሒሳብ ማታውኑ ዘግቶ ይደር።