የመንደር ውል ይዞ ችሎት መቆም

«ውሉ እጄ ላይ ነው። ሦስት ምስክሮች ፈርመውበታል፣ ገንዘቡንም ከፍዬ ጨርሻለሁ። ሻጩ ግን ስም አላዞርም አለኝ። ፍርድ ቤት አያስገድደውም ወይ?» ከዋሽንግተንም ከሪያድም የሚደወልልኝ ለዚሁ ነው። መልሱን መደጋገም ስለታከተኝ ጻፍኩት፤ ከእንግዲህ ለሚደውል ይህንኑ እልካለሁ።

ውሉ የት ተፈረመ? «ደላላው ቢሮ» ወይም «አጎቴ ቤት» ካላችሁኝ የያዛችሁት የመንደር ውል ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1723 የቤት ሽያጭ በጽሑፍ እንዲደረግና በፍርድ ቤት ወይም ውል ለማዋዋል ሥልጣን ባለው አካል ፊት እንዲመዘገብ ያዛል። አዲስ አበባ ላይ ይህ ማለት ውልና ማስረጃ ነው። የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት በመዝገብ ቁጥር 21448 ያልተመዘገበ የቤት ሽያጭ ውል አይጸናም ብሏል። ኋላ ላይ፣ ሻጩ ራሱ ችሎት ቀርቦ «አዎ፣ ሸጫለሁ» ካለ ውሉ እንዲፈጸም በር የከፈቱ ውሳኔዎች መጥተዋል። ግን የቤቱ ዋጋ እጥፍ ሆኖ እያየ ይህን የሚያምን ሻጭ እስቲ ፈልጉ!

«ቢያንስ ገንዘቤ ይመለስልኛል» ትሉ ይሆናል። አዎ፣ ይመለሳል፤ ጉዱ ያለው እዚያው ላይ ነው። ከሐምሌ 2016 በፊት አንድ ዶላር በባንክ 57 ብር ገደማ ነበር፤ ለ3 ሚሊዮን ብር ከ52 ሺህ ዶላር በላይ ልካችኋል ማለት ነው። ምንዛሪው ለገበያ ከተለቀቀ በኋላ ዶላሩ በሳምንታት ውስጥ 100 ብርን አለፈ። የሚመለስላችሁ ግን ያው 3 ሚሊዮን ብር ነው፤ 30 ሺህ ዶላር እንኳ አይሞላም። በዓመት 9 በመቶ ሕጋዊ ወለድ ቢታሰብላችሁም ጉድጓዱን አይሞላውም። ቤቱም ሻጩ ዘንድ ቀረ።

ተመዝግበውም የሚጎዱ አሉ። ውልና ማስረጃ ይሄዱና ታክስ ለመቀነስ 3 ሚሊዮኑን 800 ሺህ ብለው ያስጽፋሉ፤ ቀሪው ያለ ደረሰኝ በእጅ ይሰጣል። ውሉ የፈረሰ ዕለት «የከፈልኩት 3 ሚሊዮን ነው» ብትሉ በምን ታስረዳላችሁ? ከመንግሥት የደበቃችሁትን ዳኛ እንዲያገኝላችሁ አትጠብቁ። እውነተኛውን ዋጋ አስጽፉ፣ በባንክ ላኩ፣ ደረሰኙን አስቀምጡ።

ቀብድ የከፈለም ቤቱን የያዘ ይመስለዋል። በውሉ ሌላ ነገር ካልተባለ፣ ቀብድ የተቀበለ ሻጭ እጥፉን መልሶ መውጣት ይችላል። ዋጋ ሽቅብ በሚሮጥበት ከተማ ይህ ለእሱ ቅጣት አይደለም፤ ትርፍ ነው።

ወረቀቱን አሳጥሬ ልንገራችሁ፦ በእናንተ ስም ለሚፈርመው ሰው ውክልናውን ኤምባሲ ወይም ቆንስላ ሰጥታችሁ፣ አዲስ አበባ ውጭ ጉዳይ አረጋግጦት፣ ውልና ማስረጃ ይመዘገባል። ሰልፉ ያልፋል። የሻጩ ወኪል ግን «ንብረቴን ያስተዳድርልኝ» የሚል ውክልና ይዞ ቢመጣ ተመለሱ፤ ለመሸጥ ልዩ ውክልና ያስፈልጋል። ሻጩ ባለትዳር ከሆነ ባለቤቱም ትፈርም። ያልፈረመች ሚስት ሽያጩን ባወቀች በ6 ወር ውስጥ፣ ቢበዛ ውሉ ከተደረገ በ2 ዓመት ውስጥ ማስፈረስ ትችላለች።

«ወንድሜን ሰነድ አሳየኝ ማለት ነውር ነው» የምትሉኝን አልሰማም። በሌሊት ፈረቃ የተለቀመ ዶላር ነው የምትልኩለት። ወንድም ከሆነ ካርታው በማን ስም እንደወጣ ቢጠየቅ አይከፋውም፤ ከከፋው ደግሞ መጠየቃችሁ ልክ ነበር። ለእናታችሁ ቤት መግዛታችሁ ለመስቀል ሰፈሩ ሁሉ እንዲሰማው ስትቸኩሉ ነው ደላላው የሚያገኛችሁ። እናንተ «አለው» ለመባል ትከፍላላችሁ፣ እሱ ኮሚሽኑን ይዞ ይሄዳል።

ነገሩ አንዴ ከተበላሸ ግን ሻጩ ላይ ሽማግሌ ልካችሁ «እንከስሃለን» አታስብሉ፤ ካርታውን ለሌላ የሚያዞርበት ጊዜ ትሰጡታላችሁ። ጠበቃችሁ ክሱን ባስገባበት ቀን በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 154 እግድ ይጠይቅ፤ ትእዛዙም ካርታውን ለሰጠው መሥሪያ ቤት መድረሱን በማኅተም ያረጋግጥላችሁ። ሽማግሌው ከዚያ በኋላ ይሂድ።