ክለቡ ሄደ፤ ስሙ ግን ቀረ

አንድ ነጋዴ ድርጅቱን ነቅሎ ወደ ሌላ ከተማ ሲሄድ ይዞት የሚሄደውን ንብረት መዘርዘር አያቅተውም። ዕቃው፣ መሣሪያው፣ ሠራተኛ የቀጠረበት ውል፣ በባንክ ያለው ገንዘብ፣ ዕዳውም ጭምር ይቆጠራል። የሚያከራክረው የድርጅቱ ስም፣ በስሙ ምክንያት የሚመጣው ደንበኛም የማን ነው የሚለው ነው። በአሜሪካ ኦሃዮ ግዛት የምትገኘው የክሊቭላንድ ከተማ ይህን ክርክር በ1995 በአንድ የእግር ኳስ ክለብ ምክንያት አንስታ እስከ ፍርድ ቤት ወስዳዋለች። (ከአንድ ቦታ በስተቀር ዓመቶቹ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

እዚህ ላይ እግር ኳስ የሚባለው አሜሪካኖች በዚህ ስም የሚጠሩት፣ ሞላላ ኳስ በእጅ ይዘው እየሮጡና እየወረወሩ የሚጫወቱት ነው። የውድድሩ ባለቤት ኤን.ኤፍ.ኤል. የተባለው ሊግ ሲሆን በ1995 ሰላሳ ክለቦች ነበሩት። እያንዳንዱ ክለብ በውድድር ዘመኑ 16 ጨዋታ ያደርግ ነበር፤ ከእነዚህም በሜዳው የሚያደርገው ስምንቱን ብቻ ነው። የመዘጋጃ ግጥሚያዎች ካልተቆጠሩ በቀር ባለሜዳው ተመልካች የሚያስገባው በዓመት ስምንት ቀን ነው ማለት ነው። በስምንት ቀን ገበያ ዓመቱን ሙሉ የሚተዳደር ድርጅት ደግሞ ገበያው የሚውልበት ቦታ፣ ማለትም ስታዲየሙ፣ ምን ያህል እንደሚወስነው መገመት አያስቸግርም።

ክሊቭላንድ ብራውንስ የተመሠረተው በ1946 ነው። ስሙን ያገኘው ከመጀመሪያው አሠልጣኙ ከፖል ብራውን ነው። በ1961 አርት ሞዴል የተባለ የኒውዮርክ የማስታወቂያ ሥራ ሰው ወደ 4 ሚሊዮን ዶላር በሚጠጋ ዋጋ ገዛው፤ ከዚህም ውስጥ አብዛኛው ብድር ነበር። ክለቡ በ1964 ሻምፒዮን ከሆነ በኋላ ዋንጫ አላየም። ይሁን እንጂ በኢሪ ሐይቅ ዳር ያለው፣ በ1931 የተከፈተውና ወደ 80 ሺህ ሰው የሚይዘው ስታዲየም ሰው አጥቶ አያውቅም ቢባል ብዙ ማጋነን አይሆንም። በአንደኛው ጫፍ ባለው ርካሽ መቀመጫ የውሻ ጭምብል አጥልቀው የሚጮሁ ደጋፊዎች በመላ አገሪቱ የታወቁ ነበሩ።

ለመሆኑ ገቢው ከየት ይመጣል?

ሊጉ ከቴሌቪዥን ጣቢያዎች የሚያገኘው ገንዘብ ለሁሉም ክለብ እኩል ይከፋፈላል። በ1993 መጨረሻ ፎክስ የተባለው ጣቢያ ብቻውን ለአራት የውድድር ዘመን 1.58 ቢሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማምቶ ነበር። ከዚህ ገንዘብ የመጨረሻው ክለብ የሚደርሰው የአንደኛውን ያህል ነው። የመግቢያ ትኬት ሽያጭም ቢሆን 60 በመቶው ለባለሜዳው፣ 40 በመቶው ለእንግዳው የሚደርስ ነበር።

የማይከፋፈለው ገንዘብ ግን ነበር። ኩባንያዎችና ባለጸጎች ለውድድር ዘመኑ የሚከራዩአቸው ባለመስታወት ልዩ ክፍሎች፣ የመኪና ማቆሚያው፣ የምግቡና የመጠጡ ሽያጭ፣ በስታዲየሙ ዙሪያ የሚለጠፈው ማስታወቂያ በሙሉ የባለሜዳው ነው። በመሆኑም ሀብታሙን ባለቤት ከድሃው የሚለየው የቡድኑ ጥንካሬ ሳይሆን የስታዲየሙ ዓይነት ሆነ።

ሊጉ ከ1994 ጀምሮ ለእያንዳንዱ ክለብ የተጫዋቾች ደመወዝ ጣሪያ ወስኗል። በ1995 ጣሪያው 37.1 ሚሊዮን ዶላር ነበር። ይህ ሁሉንም እኩል የሚያደርግ ይመስላል። ነገር ግን ተጫዋቹ ሲፈርም የሚሰጠው የፊርማ ገንዘብ በሒሳብ መዝገብ ላይ ለውሉ ዓመታት እየተከፋፈለ ሲጻፍ፣ ከካዝና የሚወጣው ግን በአንድ ጊዜ ነው። መዝገቡ ይፈቅዳል፤ ካዝናው ግን አይችልም። ሞዴል በ1995 አንድሬ ራይሰን የተባለውን ኳስ ተቀባይ በአምስት ዓመት 17 ሚሊዮን ዶላር ሲያስፈርም ለፊርማው የሚሆነውን ገንዘብ ያገኘው ከባንክ ተበድሮ ነበር። ሒሳብ ያዥ ብቻ ሳይሆን ማንኛውም ባለሱቅ የሚያውቀው የትርፍና የጥሬ ገንዘብ ልዩነት ይኸው ነው።

ሞዴል ስታዲየሙን ከከተማው በ1970ዎቹ በረጅም ጊዜ ውል ተከራይቶ በራሱ ኩባንያ ያስተዳድር ነበር። ልዩ ክፍሎቹን ያሠራውም እሱ ነው። ዋነኛው ተከራዩ ኢንዲያንስ የተባለው የቤዝቦል ክለብ ሲሆን፣ ቤዝቦል በአንድ ዓመት 81 ጨዋታ በሜዳው ያደርጋል። ኢንዲያንስ ግን በ1994 በሕዝብ ገንዘብ እገዛ ወደተሠራለት አዲስ ሜዳ ገባ። የቅርጫት ኳሱም ክለብ በዚያው ዓመት አዲስ አዳራሽ አገኘ። ሞዴል 81 ቀን ገበያ አጥቶ፣ የአሮጌ ስታዲየም ጥገናና የባንክ ዕዳ ታቅፎ ቀረ። አሮጌውን ስታዲየም ይዞ መቆየትን አስቀድሞ የመረጠው ራሱ ስለነበረ ብዙዎቹ የከተማው ሰዎች አላዘኑለትም።

በሌላ በኩል የሜሪላንድ ግዛት ባልቲሞር ከተማ ክለብ ፍለጋ ላይ ነበረች። የራሷን ክለብ ኮልትስን በመጋቢት 1984 ባለቤቱ በሌሊት በጭነት መኪና አስጭኖ ወደ ኢንዲያናፖሊስ ወስዶባታል። ግዛቲቱ ለሞዴል ያቀረበችው በሎተሪ ገቢ የሚሠራ፣ ወደ 200 ሚሊዮን ዶላር የሚገመት፣ ኪራይ የማይከፈልበት ስታዲየም ነው። ያ የማይከፋፈለው ገቢም የእሱ እንዲሆን ተስማማች። ውሉ የተፈረመው ጥቅምት 27 ቀን 1995 በባልቲሞር አውሮፕላን ማረፊያ፣ አል ለርነር በተባለ የክለቡ አነስተኛ ባለድርሻ የግል አውሮፕላን ውስጥ ነው። የዚህ ሰው ስም ወደ ኋላ ተመልሶ ይመጣል።

ዘጠኝ ሳምንትና ሰባት ሳምንት

ብራውንስ በ1994 የውድድር ዘመን 11 ጊዜ አሸንፎ 5 ጊዜ ብቻ ስለተሸነፈ በ1995 ለዋንጫ ከሚታሰቡት አንዱ ነበር። ከመጀመሪያዎቹ አራት ጨዋታዎች ሦስቱን አሸነፈ። ከዚያ ሦስት ተከታታይ ሽንፈት ደረሰበት፤ ሦስተኛው በተቋቋመ በመጀመሪያ ዓመቱ ላይ በነበረው በጃክሰንቪል፣ ያውም በገዛ ሜዳው ነው። ጥቅምት 29 ቀን ሲንሲናቲን በተጨማሪ ሰዓት 29 ለ26 ሲያሸንፍ የጨፈረው ሕዝብ ውሉ ከሁለት ቀን በፊት እንደተፈረመ አላወቀም። ወሬው ሲወጣ ኅዳር 5 ቀን በሂውስተን 37 ለ10 ተረታ። በማግስቱ ሞዴል ባልቲሞር ላይ ዝውውሩን በይፋ ተናገረ።

የሚያስገርመው ኅዳር 7 ቀን የሆነው ነው። የክሊቭላንድ አካባቢ መራጮች አሮጌውን ስታዲየም በ175 ሚሊዮን ዶላር ለማደስ በመጠጥና በሲጋራ ላይ ያለው ግብር እንዲቀጥል ድምፅ ሰጡ። 72 በመቶው ደገፈ። ገዢው ገንዘቡን ቆጥሮ ሲመጣ ሻጩ ሱቁን ዘግቶ ሄዷል።

ከዚያ በኋላ በቀሩት ሰባት ጨዋታዎች ቡድኑ ስድስቱን ተሸነፈ። ማስታወቂያ አስነጋሪዎች በሙሉ ለማለት በሚያስችል ሁኔታ ውላቸውን አቋርጠው ስታዲየሙ ማስታወቂያ አልባ ሆነ። አሠልጣኙ ቢል ቤሊቺክና ተጫዋቾቹ ስለ ዝውውሩ የተጠየቁበት አልነበረም፤ ግን በየሳምንቱ ስድቡን የተቀበሉት እነሱ ናቸው። ታኅሣሥ 17 ቀን የመጨረሻው የሜዳ ጨዋታ ሲንሲናቲን 26 ለ10 በማሸነፍ ሲጠናቀቅ ተመልካቹ መቀመጫ እየነቀለ ወደ ሜዳ ይወረውር ነበር። ዳኞቹ አደጋውን ፈርተው በመጨረሻው ክፍለ ጊዜ ጨዋታውን ከዚያ ጫፍ አራቁት። ጨዋታው ሲያበቃ ተጫዋቾች ወደ ደጋፊው ሄደው ተቃቅፈው አለቀሱ። ሞዴል አልነበረም። የዘመኑ ሒሳብ 5 ድልና 11 ሽንፈት ሆኖ ተዘጋ።

ከተማው የያዘው ወረቀት

ክሊቭላንድ የቀራት ዕንባ ብቻ ቢሆን ኖሮ ታሪኩ እንደ ባልቲሞር በሆነ ነበር። ከተማው ግን አንድ ወረቀት ነበረው። የኪራይ ውሉ የሚያበቃው በ1998 ሲሆን ክለቡ የሜዳ ጨዋታውን በዚያ ስታዲየም እንዲያደርግ ያስገድዳል። ከተማው የቀረውን ኪራይ ክፈለኝ አላለም፤ ክለቡ በገንዘብ የሚተካ ስላልሆነ ውሉ እንዳለ ይፈጸምልኝ ብሎ ከሰሰ፤ የፍርድ ቤት እግድም አገኘ። በጉዳት ካሣ ከሚያልቅ ክርክር ይህኛው እጅግ የከበደ ነው፤ ለሊጉም ዓመታት የሚፈጅ ሙግት ማለት ነበር።

በየካቲት 1996 ስምምነት ተደረሰ። ከክለብ ባለቤቶቹ 25 ደገፉ፣ የፒትስበርግና የቡፋሎ ክለቦች ተቃወሙ፣ ሦስቱ ድምፅ አልሰጡም። ሞዴል ተጫዋቾቹን፣ ውሎቹንና ዕዳውን ይዞ ይሄዳል፤ የብራውንስ ስም፣ ቡናማና ብርቱካናማው ቀለም፣ ከ1946 ጀምሮ ያለው የውጤት መዝገብ ግን ለክሊቭላንድ ይቀራል። ሞዴል ለከተማው ከ9 ሚሊዮን ዶላር በላይ ይከፍላል። ሊጉም እስከ 48 ሚሊዮን ዶላር ለስታዲየም አበድሮ በ1999 አዲስ ክለብ ይሰጣል።

በእኛ አገር በ1952 ዓ.ም. የወጣው የንግድ ሕግ የአንድ የንግድ መደብር ዋና አካል የንግድ መልካም ዝናው እንደሆነ ይደነግግ ነበር። የንግድ ስሙና የኪራይ መብቱም ከመደብሩ አካላት ተቆጥረዋል። ክሊቭላንድ ላይ የሆነው ግን መልካም ዝናው ከመሣሪያው ተነጥሎ ለብቻው መዳኘቱ ነው። ደጋፊው ክለቡን ስለወደደው ብቻ አልቀረም፤ የቀረው የኪራይ ውሉ ሦስት ዓመት ስለነበረው ነው። ለዚህ ማስረጃው በዚያው ኅዳር 37 ለ10 ያሸነፈው ሂውስተን ኦይለርስ ነው። እሱም በ1997 ወደ ቴነሲ ሲዛወር ስሙንና ታሪኩን ባለቤቱ ይዞት ሄዷል፤ በ2002 ሂውስተን ያገኘችው ሌላ ስም ያለው ክለብ ነው።

ስሙ ስንት ያወጣል ለሚለው የተሟላ መልስ የለም። በ1998 ሊጉ አንድም ተጫዋች ያልነበረውን አዲሱን ብራውንስ በ530 ሚሊዮን ዶላር ሸጠ። ካሮላይናና ጃክሰንቪል በ1993 ወደ ሊጉ ለመግባት የከፈሉት ግን እያንዳንዳቸው 140 ሚሊዮን ነበር። ልዩነቱን በሙሉ ለስሙ መስጠት ስህተት ነው፤ ሊጉ በ1998 እጅግ የላቀ የቴሌቪዥን ውል ተዋውሎ ነበርና። ገዢው ግን አል ለርነር ነበር፤ ያ ውል የተፈረመበት አውሮፕላን ባለቤት።

ስም ብቻውን እንደማያጫውት 1999 አሳየ፤ አዲሱ ብራውንስ ከ16 ጨዋታ ሁለቱን ብቻ አሸነፈ። ወደ ባልቲሞር የሄደው፣ ሬቨንስ የሚል ስም የወጣለት ክለብ በጥር 2001 የሱፐር ቦውል ዋንጫን 34 ለ7 አሸንፎ ወሰደ። ሞዴል ግን ነፃ ስታዲየም አግኝቶም ከገንዘብ ችግር ስላልወጣ በ2004 አብዛኛውን ድርሻውን ሸጧል።

የኦሃዮ ግዛት በ1996 በግብር ከፋይ ገንዘብ በተደገፈ ስታዲየም የሚጫወት ክለብ ከመሄዱ ከስድስት ወር በፊት እንዲያሳውቅና ለአካባቢው ሰዎች የመግዛት ዕድል እንዲሰጥ የሚያስገድድ ሕግ አወጣ። በ2008 የሲያትል የቅርጫት ኳስ ክለብ ወደ ኦክላሆማ ሲሄድም ስሙና ቀለሙ ለሲያትል ቀርቷል።

ሞዴል በመስከረም 2012 ሲሞት በዚያ ሳምንት በሊጉ ሜዳዎች የኅሊና ጸሎት ተደረገ። በክሊቭላንድ ግን እንዳይደረግ የጠየቀው የገዛ ቤተሰቡ ነው።