አዲስ የሚግ ማሽን ለገዛው የእህቴ ልጅ

በ120ም በ240 ቮልትም የምትሠራ ትንሽ የሚግ ማሽን መግዛትህን እናትህ ነገረችኝ። ደግ አደረግህ። ሳታስነሳት ግን ይቺን አንብብ።

1. ጉልበቷን የሚወስነው ሶኬቱ ነው። አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ያለው የጋራዥህ 120 ቮልት ላሜራና እስከ 3 ሚሊ ሜትር የሚደርስ ብረት ይበቃዋል። 6 ሚሊ ከሆነ ወደ 240 ሂድ፤ መስመሩንም ፈቃድ ያለው ኤሌክትሪሺያን ይዘርጋልህ። በቀጭን ማራዘሚያ ገመድ አትሥራ።

2. በጋዝ ስትበይድ ቶርቹ ፖዘቲቭ ላይ፣ ማሳው (ብረቱን የሚነክሰው ገመድ) ኔጌቲቭ ላይ ይሁን። ያለ ጋዝ የሚሠራው፣ ውስጡ ዱቄት ያለው ሽቦ ደግሞ ተቃራኒውን ይፈልጋል። ስንቱ ሽቦውን ቀይሮ ገመዶቹን ይረሳና ፍንጣሪው ሲበዛበት ማሽኑን ይራገማል!

3. ጋዙ 75 በመቶ አርጎን፣ 25 በመቶ ካርቦን ዳይኦክሳይድ፤ በደቂቃ ከ8 እስከ 12 ሊትር። ነፋስ ከገባ ጋዙን ይወስድብሃል፣ ብየዳውም እንደ እንጀራ ዓይን ያወጣል። ያኔ ፍቀህ እንደገና ነው።

4. ሚግ ውሸታም ነው። ላዩ አምሮ ሥሩ ሳይያያዝ ይቀራል፤ ኤሌክትሮድ እንኳ እንዲህ አያታልልም። ስለዚህ ዋናውን ሥራ ከመንካትህ በፊት በዚያው ውፍረት ሁለት ቁራጭ በይድ፣ አንዱን በሞርሳ እሰርና ሌላውን በመዶሻ እጠፈው። ብየዳው ከአንዱ ብረት ንጹሕ ሆኖ ከተላቀቀ አልገባም ማለት ነው። ኃይል ጨምር፣ ዝገቱንና ቀለሙን በግራይንደር አንሳ፣ ማሳውንም በተፋቀ ብረት ላይ ግጠም። ሽቦው የቀለጠው ብረት ፊተኛ ጠርዝ ላይ ይረፍ፤ ወደ ኋላ ከቀረ ብረቱ ሳይቀልጥ ይከመርበታል።

5. ዚንክ የተለበጠ ብረት ከሆነ መጀመሪያ ዚንኩን ፋቅ፣ ውጭም ሥራ። ጭሱ ማታ በብርድና በትኩሳት ያንቀጠቅጥሃል። ወተት ጠጣበት ይሉሃል፤ ወተት ሆድ እንጂ ሳንባ አይገባም። ክሎሪን ባለበት ብሬክ ማጽጃ ያጸዳኸውንም ብረት አትበይድ፤ ፎስጂን የሚባል መርዝ ይወጣዋል።

6. የብየዳ መስታወትህ ቁጥር 10 ይሁን። እጅጌህን አትሰብስብ።

7. ኋላ አዲስ አበባ እልካታለሁ ካልክ፣ ጀርባዋ ላይ 50/60 ኸርዝ የሚል መኖሩን እይ። ካለ የአገር ቤቱን 220 ቮልት ትችለዋለች፤ መሰኪያውን ብቻ ባለሙያ ይቀይረዋል። የአሜሪካው ሬጉሌተር ግን እዚያ ካለው ሲሊንደር ጋር ላይገጥም ስለሚችል፣ ያለ ጋዝ የሚሠራውን ሽቦና ለእሱ የተሠራውን ጥርሳም ሮለር አብረህ ላክ።