ማሳው በማን እጅ ነው? የመሬት ይዞታና የአፈር ጥበቃ ሥራ

ለልማት ጣቢያ ሠራተኞችና ለገበሬዎች የኅብረት ሥራ ማኅበራት የተዘጋጀ

እንደሚታወቀው በምርምር ጣቢያ የተገኘ ውጤት ለገበሬው የሚደርሰው በአብዛኛው በልማት ሠራተኛው በኩል ነው። ሠራተኛው ወደ ማሳ ሲወርድ የአፈሩን ዓይነት፣ ተዳፋቱን፣ የዝናቡን ሁኔታና የገበሬውን አቅም ይመለከታል። መሬቱ በማን እጅ እንዳለና አራሹ በላዩ ላይ ስንት ዓመት እቆያለሁ ብሎ እንደሚያስብ ግን ብዙ ጊዜ አይጠይቅም። ይህ ጥያቄ ሲዘለል ጥሩ ምክር እንኳ ፍሬ ያጣል፤ አንዳንድ ጊዜም ምክሩን የተቀበለውን ገበሬ ይጎዳል።

ለዚህ የጭላሎ ታሪክ በቂ ማስረጃ ነው። በስዊድን መንግሥት ርዳታ የተቋቋመው የጭላሎ የእርሻ ልማት ድርጅት በ1960 ዓ.ም. በአርሲ ሥራውን ሲጀምር የተሻሻለ የስንዴ ዘር፣ ማዳበሪያና ብድር አቀረበ። ምርቱም ከፍ አለ። ነገር ግን በአካባቢው ከነበሩት አራሾች ብዙዎቹ ጭሰኞች ነበሩ። ስንዴ አትራፊ መሆኑን ያዩ ባለመሬቶች ትራክተር እያስገቡ ራሳቸው ማረስ ጀመሩ፤ በዚህም የተነሣ በርካታ ጭሰኞች ከመሬታቸው ተነቀሉ። ዘሩም ማዳበሪያውም እንከን አልነበረባቸውም። ጥቅሙ ለአራሹ እንዳይደርስ ያደረገው የይዞታው ሁኔታ ነበር።

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 31 ይህን ሥርዓት ከሥሩ ለወጠው። የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት ሆነ፤ ጭሰኝነት ቀረ፤ መሬት መሸጥ፣ መለወጥ፣ ማስያዝና ማከራየት ተከለከለ። ለአንድ ቤተሰብ የሚሰጠው መሬት ከ10 ሄክታር እንዳይበልጥ ተወሰነ፤ ቢያንስ 20 ጋሻ ማለትም 800 ሄክታር ስፋት ባለው ክልል ገበሬ ማኅበር እንዲቋቋምና መሬቱን እንዲደለድል ተደረገ። ከምርቱ ሲሶ ወይም እኩሌታ ለባለመሬት ይገብር የነበረ ጭሰኛ ሙሉውን ወደ ጎተራው ማስገባቱ ትልቅ ነገር ነው። ይህን ማንም ሊያሳንሰው አይገባም።

ይሁን እንጂ ድልድሉ አንድ ጊዜ ተደርጎ የሚያበቃ አልሆነም። ወጣቱ አግብቶ ጎጆ ሲወጣ መሬት ይጠይቃል፤ ማኅበሩም ካለው ላይ ቀንሶ ይሰጣል። ከ1971 ዓ.ም. ወዲህ የአምራቾች የኅብረት ሥራ ማኅበራት ሲስፋፉ ደግሞ ለጋራ እርሻ የሚመች ሜዳ ሲፈለግ ነባሩ ገበሬ ወደ ሌላ ማሳ የተዛወረበት ቦታ ብዙ ነው። በአማራ ክልል በ1989 ዓ.ም. እንደገና ድልድል ተካሂዷል። ከዚህ ሁሉ በኋላ ገበሬው “ዘንድሮ የእኔ ነው፤ ለከርሞ አላውቅም” ቢል ልንፈርድበት አንችልም።

አሁን ወደ ራሳችን ሥራ እንምጣና ይህ አስተሳሰብ በእርከን ላይ ምን እንደሚያስከትል በቁጥር እንየው። ወርዱ 50 ሜትር፣ ወደ ተዳፋቱ ርዝመቱ 100 ሜትር የሆነ የግማሽ ሄክታር ማሳ እንውሰድ። ተዳፋቱ 10 በመቶ ነው እንበል። በእርከኖች መካከል ያለው የከፍታ ልዩነት 1 ሜትር እንዲሆን ከተደረገ በየ10 ሜትሩ አንድ እርከን ያስፈልጋል፤ በጠቅላላው 10 እርከን ወይም 500 ሜትር ይሆናል። በአገራችን በሚሠራበት የሥራ መለኪያ መሠረት አንድ ኪሎ ሜትር የአፈር እርከን 150 የሰው ቀን ስለሚጠይቅ ለዚህ ማሳ 75 የሰው ቀን ይወጣል። እርከኑ ከነቦዩ 1.2 ሜትር ወርድ ቢይዝ 600 ካሬ ሜትር ከእርሻ ውጪ ይሆናል። ማሳው በሄክታር 15 ኩንታል ጤፍ የሚሰጥ ከሆነ በየዓመቱ የ90 ኪሎ ምርት ቦታ ሄደ ማለት ነው። በእርከኑ ላይ የመኖ ሣር ካልተተከለበት በስተቀር ይህ ኪሳራ ከመጀመሪያው ዓመት አንሥቶ ይታያል።

ጥቅሙስ? በደጋው አገር የሚታረስ መሬት ላይ በተደረገው የአፈር ጥበቃ ጥናት በአማካይ በዓመት ከአንድ ሄክታር 42 ቶን ያህል አፈር እንደሚታጠብ ተገምቷል። ይህ በጥልቀት ሲሰላ ከ3 እስከ 4 ሚሊ ሜትር ነው። በአንድ ክረምት ዓይን አያየውም፤ በ15 ዓመት ግን 5 ሴንቲ ሜትር ይሆናል። እንግዲህ ድካሙና የመሬት ኪሳራው ዛሬ፣ ጥቅሙ ግን ከዓመታት በኋላ ነው። ያን ጊዜ በማሳው ላይ እንደሚኖር እርግጠኛ ያልሆነ ሰው 75 ቀን ቆፍር ሲባል ቢያመነታ፣ ሒሳቡን በትክክል ሠርቷል ማለት ነው እንጂ ሰነፍ አይባልም።

በ1970ዎቹ በምግብ ለሥራ ብዙ ሺህ ኪሎ ሜትር እርከን ተሠርቷል። ክፍያው በቀን 3 ኪሎ እህልና 120 ግራም ዘይት ነበር፤ ከላይ ላሰላነው ማሳ 225 ኪሎ እህል ይደርሳል። ገበሬው ለእህሉ ሠራ። የካቲት 1982 ዓ.ም. የቅይጥ ኢኮኖሚ መመሪያ ሲታወጅ የአምራቾች ማኅበራት በጥቂት ወራት ውስጥ ፈረሱ፤ በ1983 ዓ.ም. የመንግሥት ለውጥ ወቅትም በየቦታው እርከኑ ተናደ፣ በጋራ የተተከለው ዛፍ ተቆረጠ። ቴክኒኩ ላይ ስሕተት ፍለጋ ብዙ ተጽፏል። በእኛ አስተያየት ግን ዋናው ምክንያት ሥራው የማን እንደሆነ አለመታወቁ ነው።

ከ1990 ዓ.ም. ወዲህ በትግራይ፣ ከ1995 ዓ.ም. ገደማ ጀምሮ በአማራ፣ ቀጥሎም በሌሎች ክልሎች የተሰጠው የይዞታ ማረጋገጫ ደብተር ነገሩን አሻሽሎታል። በአማራ ክልል የባልም የሚስትም ስምና ፎቶግራፍ በአንድነት ሰፍሯል። እዚያው በተደረገ ጥናት ደብተር ያገኙ ገበሬዎች መሬቴን እነጠቃለሁ የሚለው ሥጋታቸው እንደቀነሰና በአፈር ጥበቃ ላይ የበለጠ እንደሠሩ ታይቷል።

ሆኖም ደብተር ያለው ሰውና ሞፈር የሚጨብጠው ሰው ሁልጊዜ አንድ አይደሉም። ይህን የተማርነው በራሳችን ጥፋት ነው። በደቡብ ወሎ በአንድ ቀበሌ የተፋሰስ ሥራ በምንረዳበት ጊዜ የአንዲት አረጋዊት ማሳ በእኩል ታርሶ የሚበላ ነበር። እኛ ያሠለጠንነውና ቀያሽ ያደረግነው አራሹን ነው፤ እርከኑም ደኅና ተሠራ። በዓመቱ ስንመለስ እርከኑ ከታች በኩል በሁለት ትልም ተገፍቶ ታርሷል፤ በሚቀጥለውም ዓመት ከግማሽ በላዩ ፈርሷል። አራሹ የሚታረሰው ቦታ ሲሰፋ ድርሻው ይጨምራል፤ አፈሩ ቢታጠብ የሚጎዳው ሌላ ሰው ነው። ሴትዮዋን ስናነጋግራቸው፣ “ልጆቼ፣ እርከኑ ሲሠራ ማን ጠየቀኝ? የምታውቁት እርሱን ነው” አሉን። መልስ አልነበረንም።

በኋላ በሽማግሌ ፊት ተነጋግረው ውሉ ከአንድ ዓመት ወደ ሦስት ዓመት ከፍ እንዲል፣ በእርከኑ ላይ ዝሆኔ ሣርና ሰስባኒያ እንዲተከል፣ ሣሩን ለበሬዎቹ አራሹ እንዲያጭድ፣ የሰስባኒያው እንጨት ደግሞ ለባለይዞታዋ ማገዶ እንዲሆን ተስማሙ። ውሉም ተመዘገበ። የፈረሰውን እርከን አራሹ ራሱ ጠገነው፤ እኛ አንድ ቀን ብቻ ነበር የሄድነው።

ስለዚህ የልማት ሠራተኛው ማሳ ከመቀየሱ በፊት ደብተሩ በማን ስም እንደሆነ፣ አሁን ማን እንደሚያርሰው፣ ውሉ በቃል ይሁን በጽሑፍ፣ ለስንት ዓመትም እንደሆነ ይጠይቅ። ይህ የግማሽ ሰዓት ሥራ ነው። በእኩል የሚታረስ ከሆነ ሁለቱንም ወገኖች በአንድነት ያነጋግር፤ በተለይ ባለይዞታዋ ባሏ የሞተባት ወይም አቅመ ደካማ ከሆነች እርሷ ሳትገኝ ችካል አይተከል። የውሉ የጊዜ ጣሪያ በየክልሉ ስለሚለያይ፣ የፌዴራሉም አዋጅ ቁጥር 456/1997 በ2016 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 1324 ስለተተካ፣ አሠራሩን ከወረዳው የመሬት አስተዳደር ጽሕፈት ቤት መጠየቅ እንጂ በልማድ መናገር አይገባም።

የኅብረት ሥራ ማኅበራትን በሚመለከት የ1970ዎቹ ትዝታ በሽማግሌዎች ዘንድ ገና አልጠፋም፤ “ማኅበር” ሲባል መሬቱን የሚወስድበት የሚመስለው ገበሬ አለ። ማኅበሩ የአባሉን ይዞታ እንደማይነካ በግልጽ ይናገር። ከዚያ ይልቅ የሣር ግንጣይና የሰስባኒያ ችግኝ አፍልቶ ለአባላት ቢያቀርብ የ90 ኪሎው ኪሳራ በመኖ ይካካሳል። ችግኙ ሐምሌ መጀመሪያ ላይ አፈሩ ሲረጥብ እንዲተከል መደቡ በመጋቢት መዘጋጀት አለበት፤ ውሉ ግን ከዚያም ቀድሞ፣ እህሉ ከአውድማ በገባ ማግስት፣ የቀጣዩ ዓመት አራሽ ሲወሰን መነጋገሪያ መሆን አለበት።