ማተሚያው ምን አለ?

ደብዳቤ ጽፎ በሰው እጅ የላከ ሰው ሁለት ነገር ይፈልጋል። አንደኛ፥ ደብዳቤው ለተባለው ሰው እንዲደርስ ይፈልጋል። ሁለተኛ፥ መድረሱን የሚያስረዳ መልስ እንዲመጣለት ይፈልጋል። የተላከው ሰው ሄዶ ወሬው ሲጠፋ «የቁራ መልእክተኛ ሆነብን» እንላለን። ደብዳቤው ይድረስ ወይም ወንዝ ይውሰደው የሚያውቅ የለም።

በኮምፒዩተርና በማተሚያ መካከልም ነገሩ እንደዚሁ ነው። ዛሬ በብዙ የወረዳ ጽሕፈት ቤቶችና በማኅበር ቢሮዎች ኮምፒዩተርና ማተሚያ ይታያል። ደረሰኙም ማስረጃውም ከዚያ ይወጣል። ባለጉዳዩ ግማሽ ቀን በእግሩ ተጉዞ ይመጣና «ማሽኑ እምቢ ብሏል፥ ነገ ተመለስ» ይባላል። ታዲያ ማሽኑ እምቢ ሲል ምን ብሎ ነው? በዚህ ትምህርት ይህን እንመለከታለን።

ማተሚያው እንዴት ያውቃል?

ኮምፒዩተር ጽሑፍ የሚያዘጋጅ፥ ሂሳብ የሚያሰላና መዝገብ የሚይዝ መሣሪያ ነው። ማተሚያ፥ በከተማ ሰው አነጋገር ፕሪንተር፥ ኮምፒዩተሩ ያዘጋጀውን በወረቀት ላይ ያወጣል። ሁለቱ በገመድ ወይም ያለ ገመድ ይገናኛሉ።

በማተሚያው ሆድ ውስጥ ሴንሰር የሚባሉ ትናንሽ ጠባቂዎች አሉ። አንዱ ወረቀት መኖር አለመኖሩን ያያል። አንዱ ክዳኑ መዘጋቱን ያያል። ሌላው ወረቀት መንገድ ላይ ሲቀረቀር ያውቃል። ስለዚህ ማተሚያው የራሱን ችግር በራሱ ያውቃል ማለት ነው። ግን ማወቅ ብቻውን አይበቃም። ያወቀውን ለኮምፒዩተሩ መንገር አለበት።

በፊት የሚነግረው በጣም ባጭሩ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ ሴንትሮኒክስ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ያስለመደው የማተሚያ ገመድ በውስጡ ብዙ ቀጫጭን ሽቦዎች ነበሩት። ከነዚህም አንዱ «ሥራ ላይ ነኝ» የሚል ምልክት ያመጣል። አንዱ «ወረቀት አልቋል» ይላል። ሌላው «ችግር አለብኝ» ይላል። ይህም እንደ ኩራዝ ነው። ሲበራ አንድ ነገር ያመለክታል፥ ሲጠፋ ሌላ።

ኋላ ግን ማተሚያዎች በዙ፥ ሠሪዎቻቸውም በዙ። እያንዳንዱ በራሱ ቋንቋ ቢናገር ማን ይሰማዋል? ስለዚህ እ.ኤ.አ. በ1993 እና በ1995 በወጡ የጋራ ደንቦች፥ በኮምፒዩተር መረብ ላይ የሚሠራ ማተሚያ ሁኔታውን በቁጥር እንዲናገር ስምምነት ተደረገ። በዚህ ደንብ 3 ቁጥር «ሥራ ፈትቼ ተቀምጫለሁ» ማለት ነው። 4 ቁጥር «እያተምኩ ነው» ማለት ነው። 5 ቁጥር «ገና እየሞቅሁ ነው» ማለት ነው።

ችግር ሲኖር ደግሞ በዚያን ጊዜው ደንብ ስምንት ምልክቶች ነበሩ። እነርሱም፦

1. ወረቀት እያለቀ ነው፤
2. ወረቀት የለም፤
3. ቀለም እያለቀ ነው፤
4. ቀለም የለም፤
5. ክዳን ተከፍቷል፤
6. ወረቀት ተቀርቅሯል፤
7. ከመስመር ወጥቻለሁ፤
8. ባለሙያ ይምጣልኝ።

እንግዲህ ልብ በሉ። ከስምንቱ ውስጥ ስድስቱ ማንም የቢሮ ሠራተኛ ወረቀትና ቀለም ካለው በደቂቃዎች የሚያስተካክላቸው ናቸው።

ላይብረሪ ምንድን ነው?

ቁጥሩ ለኮምፒዩተሩ ደረሰ እንበል። ቁጥሩን ወደ ቃል ማን ይለውጠዋል? ፊደል ያልቆጠረ ሰው «ሀ»ን ሲያይ ጭረት ብቻ ይታየዋል። ፊደል የቆጠረው ግን ድምፁን ያወጣዋል። በኮምፒዩተሩ ውስጥም 3 ቁጥርን አይቶ «ሥራ ፈትቷል» ብሎ የሚያነብ ያስፈልጋል። ይህን ሥራ የሚሠሩት የላይብረሪ ፋይሎች ናቸው።

ፋይል ማለት በኮምፒዩተር ውስጥ ስም ወጥቶለት የተቀመጠ ጽሑፍ ወይም ትእዛዝ ነው። ላይብረሪ በቋንቋችን ቤተ መጻሕፍት ማለት ነው። በኮምፒዩተር ሥራ ግን የጋራ ትእዛዝ የተከማቸበትን ፋይል ያመለክታል።

ይህን ለመረዳት እድራችሁን አስቡ። እድሩ ድንኳን አለው፥ ድስት አለው፥ አግዳሚ ወንበር አለው። አባል ሁሉ ለየራሱ ድንኳን አይገዛም። ሐዘን የደረሰበት ከእድሩ ይወስዳል፥ ሲጨርስ ይመልሳል። የላይብረሪ ፋይልም እንዲህ ነው። ደብዳቤ የሚጽፈው ፕሮግራም ከማተሚያ ጋር መነጋገር ይፈልጋል። ሂሳብ የሚይዘውም ይፈልጋል። ሁሉም ለየራሱ የማተሚያ ቋንቋ ከሚማር አንድ የጋራ ላይብረሪ ይጠቀማል። «አምሳ ሎሚ ላንድ ሰው ሸክሙ፥ ላምሳ ሰው ጌጡ» የተባለው እዚህም ይሠራል።

ዊንዶውስ በሚባለው የኮምፒዩተር ሥርዓት እነዚህ ፋይሎች ስማቸው በ«ዲ.ኤል.ኤል.» ያልቃል። ሥራቸውም በቅደም ተከተል እንዲህ ነው፦

አንደኛ፥ ጸሐፊው «አትም» ብሎ ያዛል። ሁለተኛ፥ ወረፋ አስከባሪው ክፍል ጽሑፉን ተቀብሎ ተራ ያስይዘዋል። እንደ ወፍጮ ቤት ወረፋ መሆኑ ነው። ሦስተኛ፥ የበር ጠባቂው ላይብረሪ ጽሑፉን ወደ ማተሚያው ይልካል። አራተኛ፥ ለአንዳንድ ማተሚያዎች ሌላ የቋንቋ ጠባቂ ላይብረሪ አለ። እሱም «እንዴት ነህ? ወረቀት አለህ?» ብሎ ይጠይቃል፥ መልሱንም ይተረጉማል። አምስተኛ፥ መልሱ በቃል ተጽፎ በኮምፒዩተሩ ፊት ላይ ይታያል።

ከዚህ የምንረዳው አንድ ነገር አለ። «ልኬዋለሁ» እና «ታትሟል» አንድ አይደሉም። ጽሑፉ ወረፋ ላይ ቁጭ ብሎ ሊቀር ይችላል።

መልእክተኛው ሲሳሳት

ማሽን አይሳሳትም የሚል ሰው አለ። ይህ ልክ አይደለም። ማተሚያው ደህና ሆኖ ሳለ ኮምፒዩተሩ «ከመስመር ወጥቷል» የሚልበት ጊዜ አለ። ምክንያቱ ምንድን ነው ቢሉ፥ ላይብረሪው በመረቡ በኩል «እንዴት ነህ?» ብሎ ይጠይቃል፤ ማተሚያው ግን ለዚህ ዓይነት ጥያቄ መልስ እንዳይሰጥ ተዘግቶበት ይሆናል። መልስ ሲጠፋ ኮምፒዩተሩ «የለም» ብሎ ይወስናል። ባለሙያ ጥያቄውን ሲያስቀር ወይም የማተሚያውን መልስ ሲከፍት ሥራው ይቀጥላል። ጎረቤት ተጠርቶ «አቤት» ስላላለ ሞቷል አይባልም። ገብቶ ማየት ያስፈልጋል። ማተሚያውንም እንዲሁ ሄዶ ማየት ነው።

እውቀት ሲቆለፍበት

በአሜሪካ አገር ኤም.አይ.ቲ. በሚባለው ከፍተኛ ትምህርት ቤት ሪቻርድ ስቶልማን የተባለ የኮምፒዩተር ሠራተኛ ነበር። የቤተ ሙከራው ማተሚያ ወረቀት እየተቀረቀረበት ያስቸግር ነበር። ማተሚያው ከሠራተኞቹ ራቅ ብሎ ስለሚገኝ፥ ሰው ጽሑፌ ወጥቷል ብሎ ሄዶ ባዶ እጁን ይመለሳል። ስቶልማን የማተሚያውን ፕሮግራም ከፍቶ አሻሻለው። ከዚያ በኋላ ወረቀት ሲቀረቀር ወረፋ ለሚጠብቁት ሁሉ መልእክት ይደርሳቸው ጀመር። አንዱ ተነሥቶ ያስተካክለዋል።

እ.ኤ.አ. በ1980 ገደማ ዜሮክስ የተባለው ኩባንያ ለቤተ ሙከራው አዲስ ማተሚያ ሰጠ። አዲሱም ወረቀት ይቀረቀርበታል። ስቶልማን እንደ ቀድሞው ሊያሻሽለው ፈለገ፤ ግን ሰው የሚያነበው የፕሮግራሙ ጽሑፍ አልተሰጠም። ጽሑፉ ያለው ሰው በሌላ ዩኒቨርሲቲ እንዳለ ሰምቶ ሄዶ ጠየቀው። ሰውየው ለማንም ላለመስጠት ቃል ገብቻለሁ ብሎ ከለከለው።

እነሆ፥ ችግሩን የሚያውቅ ሰው አለ፤ መድኃኒቱንም ያውቃል፤ ግን በሩ ተቆልፏል። ስቶልማን ይህ ነገር ከነከነው። እ.ኤ.አ. በ1983 ማንም ሰው ሊያነበው፥ ሊያሻሽለውና ለሌላው ሊሰጠው የሚችል የኮምፒዩተር ሥርዓት ለመሥራት መነሣቱን አስታወቀ። ስሙንም ግኑ አለው። እ.ኤ.አ. በ1991 ደግሞ ለላይብረሪ ፋይሎች ብቻ የተዘጋጀ የግኑ ውል ወጣ። በዚህ ውል መሠረት ፕሮግራም ሠሪ ሁሉ በላይብረሪው ይጠቀማል፤ ላይብረሪው ግን ክፍት ሆኖ ይቆያል።

ፊደል ለቆጠረ ሰው ይህ ነገር እንግዳ አይደለም። ማንበብ የሚችል ሰው ቢኖርም የሚነበበው ከተደበቀ ማንበቡ ምን ይጠቅመዋል?

ሐሰተኛ መልእክተኛ

ክፍት መሆን አንድ ነገር ነው፤ ያገኙትን ሁሉ ማስገባት ግን ሌላ ነው። እ.ኤ.አ. በሐምሌ 2021 በዊንዶውስ ወረፋ አስከባሪ ላይ አደገኛ ቀዳዳ መኖሩ ታወቀ። ወደ መሥሪያ ቤት መረብ የገባ ተንኮለኛ ሰው የማተሚያ ላይብረሪ ነው ብሎ የራሱን ሐሰተኛ ፋይል ማስገባት ይችል ነበር። ወረፋ አስከባሪው በኮምፒዩተሩ ላይ ሙሉ ሥልጣን ስላለው፥ ሐሰተኛው ፋይልም ያንኑ ሥልጣን ያገኛል። መዝገብ መስረቅ ይችላል፥ ማጥፋትም ይችላል። የዊንዶውስ ሠሪ ማይክሮሶፍት ከተለመደው ቀን በፊት ማስተካከያ ማውጣት ግድ ሆነበት።

ስለዚህ የቢሮ ሠራተኛ «ላይብረሪ ፋይል ጎድሏል» የሚል መልእክት ሲያይ ከየትም ለቃቅሞ ማስገባት የለበትም። ከማተሚያው ሠሪ ወይም ከሥርዓቱ ሠሪ ብቻ ያምጣ። ማስተካከያ ሲወጣም ወዲያው ይጫን። ማኅተም የሌለው ደብዳቤ ይዞ የመጣን ሰው ጎተራ አናስከፍተውም።

ለባለጉዳይ የሚጠቅም

«ማሽኑ እምቢ ብሏል» ስትባሉ በጨዋ ደንብ እንዲህ ብላችሁ ጠይቁ፦ «ማሽኑ ምን ብሎ ጽፏል?» ወረቀት የለም ካለ ወረቀት ይጨመር። ተቀርቅሯል ካለ ክዳኑ ተከፍቶ ወረቀቱ ቀስ ተብሎ ይውጣ። ከመስመር ወጥቷል ካለ ገመዱ ይታይ፥ ማተሚያው ይታይ። ባለሙያ ይምጣልኝ ካለ ግን በእውነት ቀጠሮ ያስፈልጋል። ያን ጊዜ ቀኑን አስጽፋችሁ ሂዱ። የተጻፈውን ማንበብ እናንተም ትችላላችሁ።

ጥያቄዎች

1. ማተሚያ ወረቀት ማለቁን በምን ያውቃል?
2. የላይብረሪ ፋይል ከእድር ዕቃ ጋር በምን ይመሳሰላል?
3. «ልኬዋለሁ» እና «ታትሟል» የሚሉት ቃላት ልዩነታቸው ምንድን ነው?
4. ማተሚያው ደህና ሆኖ ሳለ ኮምፒዩተሩ «ከመስመር ወጥቷል» የሚለው ለምንድን ነው?
5. በአካባቢያችሁ ሰው ሁሉ ቢያውቀው የሚጠቅም፥ ግን ጥቂቶች ብቻ የያዙት እውቀት አለ? በቡድን ተወያዩበት።