የንባብ መምህራን በገዛ ትምህርት ቤታቸው እንዴት ይማማሩ?

የትምህርት ሚኒስቴር የሙያ ማሻሻያ ማዕቀፍ መምህር በዓመት 60 ሰዓት ለተከታታይ ሙያ ማሻሻያ (ተሙማ) እንዲያውል ይጠይቃል። በወረኢሉም ሆነ በመካነ ሰላም የሚያስተምር ሰው ተሙማን በደንብ ያውቃል፦ ዕቅድ ይሞላል፣ ፖርትፎሊዮ ያደራጃል፣ ሱፐርቫይዘር ሲመጣ ያሳያል። ከ1ኛ እስከ 3ኛ ክፍል አማርኛ ለሚያስተምሩ ግን እነዚህ ሰዓታት ልጅ ሲያነብ ለማዳመጥ ቢውሉ፣ አዳራሽ ተቀምጦ ከሚሰጥ ሥልጠና ሁሉ የበለጠ ያስተምራሉ ብዬ አምናለሁ።

በ2002 ዓ.ም. በ6 ቋንቋዎች የተካሄደው የንባብ ምዘና ከ2ኛ ክፍል ተማሪዎች 34 በመቶው ከቀረበላቸው ታሪክ አንድም ቃል ማንበብ እንዳልቻሉ አሳይቷል። ከዚያ ወዲህ በአፍ መፍቻ ቋንቋዎች አዳዲስ መማሪያ መጻሕፍት ተዘጋጅተዋል፤ መምህራንም ሠልጥነዋል። በመጋቢት 2012 ኮሮና ትምህርት ቤት አዘጋ፤ በአማራ ክልል ደግሞ ጦርነትና ግጭት ተከተለ። ዛሬ 4ኛ ክፍል ተቀምጦ ፊደል የማይለይ ልጅ አለ። ስለዚህ የክፍሉ ቁጥር የልጁን ደረጃ አይነግረንም፤ ራሳችን ማወቅ አለብን።

ደረጃ 1፦ ትንሽ ቡድን አቋቁሙ

ከ3 እስከ 5 መምህራን ይበቃሉ። ጀማሪ መምህር ካለ ከመካሪው ጋር ይግባ። በሳምንት አንድ ሰዓት ተኩል ከተገናኛችሁ በ40 ሳምንት 60 ሰዓቱ ይሞላል። በፈረቃ የምታስተምሩ ከሆነ ሁለቱ ፈረቃዎች የሚገናኙበትን ሰዓት ምረጡ፤ የገበያ ቀን ግን አይሁን። በበልግ ሥራና በአጨዳ ወቅት ብዙ ልጅ ስለሚቀር የመጀመሪያውን ምዘና ከዚያ በፊት ጨርሱት።

ደረጃ 2፦ ልጆቹን አንድ በአንድ አዳምጡ

ዋናው ሥራ ይህ ነው፤ አትቸኩሉበት። እያንዳንዱ መምህር ከክፍሉ 10 ልጆችን ከስም መጥሪያው በዕጣ ያውጣ። ጎበዞቹን ብቻ ከመረጣችሁ ራሳችሁን ታታልላላችሁ። ልጁን ጸጥ ወዳለ ቦታ ወስዳችሁ ሦስት ወረቀት አቅርቡለት።

የመጀመሪያው ፊደላት ተራቸውን ሳይጠብቁ የተጻፉበት ነው። የቤተ ክህነት መምህራን ይህን ዘዴ ከጥንት ያውቁታል። ልጁ «ሀ ሁ ሂ»ን በዜማ ሸምድዶ እንዳያልፍ በአቡጊዳ ያስቆጥሩታል፤ አ፣ ቡ፣ ጊ፣ ዳ እያለ ረድፉንም ዓምዱንም ሲዘል እያንዳንዱን ፊደል በዓይኑ መለየት ግድ ይሆንበታል። ሁለተኛው ወረቀት በመጽሐፉ ውስጥ የሌሉ ቀላል ቃላት፣ ሦስተኛው ደግሞ ከ40 እስከ 60 ቃላት ያሉት አጭር ታሪክ ይሁን። ታሪኩን ለአንድ ደቂቃ አስነብቡት፤ በስልካችሁ ሰዓት ያዙ፣ ከዚያ ሦስት ጥያቄ ጠይቁ።

የመማሪያ መጽሐፉን ገጽ ለምዘና አትጠቀሙ። ብዙ ልጆች ገጹን በቃላቸው ይዘውታል፤ ዓይናቸው ሥዕሉ ላይ ሆኖ አፋቸው ይወርዳል። መስመሩ መካከል ያለ አንድ ቃል በጣታችሁ ብታሳዩት ልጁ ከመጀመሪያው ጀምሮ ካልወረደ ቃሉን አያገኘውም።

ልጁ ሲሳሳት አታርሙት፤ በራሳችሁ ቅጂ ላይ የተሳሳተውን ቃል ሰርዛችሁ ያነበበውን ከላዩ ጻፉ። «ለ»ን «ሰ» ብሎ ከሆነ ያው ይጻፍ። ቁርኣን ቤት የቆየ ልጅ ከቀኝ ወደ ግራ ማንበብ ለምዶ ሊመጣ ይችላል፤ መነሻውን በጣቱ አሳዩትና ቀጥሉ። ጽሕፈታችን ጠብቆና ላልቶ የሚነበበውን ለይቶ ስለማያሳይም፣ «አለ» የሚለውን ቃል በትክክል የሚያነበው ዐረፍተ ነገሩ የገባው ልጅ ብቻ ነው። እዚያ ላይ የሚሳሳት ልጅ ችግሩ ከፊደሉ ላይሆን ይችላል።

ደረጃ 3፦ አንድ ችግር ብቻ ምረጡ

ወረቀቶቹን ጠረጴዛ ላይ ዘርግታችሁ ስሕተቶቹን በዓይነት በዓይነታቸው ለዩ። «ወላጅ አይከታተልም» የሚለው እውነት ሊሆን ይችላል፤ ሰኞ ጠዋት ክፍል ገብታችሁ የምትለውጡት ነገር ግን አይደለም። በእጃችሁ ያለውን ያዙ። ብዙውን ጊዜ የሚወጣው ሳድስ ነው፤ ቅርጹ ከፊደል ፊደል ስለሚለያይ ልጆች ከግዕዙ ጋር ያምታቱታል።

ደረጃ 4፦ አብራችሁ አቅዱ፣ አንዱ ያስተምር፣ ሌሎቹ ልጆቹን ይዩ

ለሳድስ የሚሆን ትምህርት ላሳያችሁ። ልብስ፣ ብርድ፣ ድርቅ፤ ሦስቱም ሙሉ በሙሉ በሳድስ የተጻፉ ናቸው። በግዕዝ ሲጻፉ ደግሞ ለበሰ፣ በረደ፣ ደረቀ ይሆናሉ። ስድስቱን ቃላት የካርቶን ቁራጭ ላይ ጻፉ። መጀመሪያ ልጆቹ ቃሉን በአፋቸው ይበሉት፤ ድምፁን ነጣጥለው ያጨብጭቡት፤ ከዚያ ካርቶኑን ያንሱ። «ብርድ»ን ከ«በረደ» ጎን አስቀምጣችሁ ምን እንደተለወጠ ጠይቋቸው። የወረኢሉን ውርጭ የሚያውቅ ልጅ ትርጉሙ አይቸግረውም፤ ሐሳቡን ሁሉ ፊደሉ ላይ ያደርጋል።

ተመልካች መምህራን ከኋላ ወንበር ሦስት ሦስት ልጆች ይያዙ። የሚጽፉት የልጁ ጣት የት እንዳለ፣ ከንፈሩ መቼ እንደሚዘገይ፣ ከጓደኛው መቼ እንደሚሰማ ነው። ስለ መምህሩ አለባበስና ስለ ሰሌዳ አጠቃቀሙ አንድ ቃል አይጻፍ። በመጀመሪያው ዙር አንጋፋው መምህር ያስተምር፤ ጀማሪው ሲፈራ ከማየት ይህ ይሻላል። ውይይቱንም ያስተማረው ሰው ራሱ ይክፈተው።

ደረጃ 5፦ እናንተም ጻፉ

ከሰሌዳ መገልበጥ ጽሕፈት አይደለም። ልጆች በየቀኑ ሁለት ሦስት የራሳቸውን ዐረፍተ ነገር ይጻፉ፤ እናንተ በአንድ ጊዜ አንድ ስሕተት ብቻ አርሙ። ጽሕፈት የሚያስተምር ሰው ግን ራሱ መጻፍ አለበት። በየሁለት ሳምንቱ እያንዳንዱ መምህር ለ2ኛ ክፍል የሚሆን አንድ አጭር ጽሑፍ ያምጣ። ርዕስ በአካባቢው ሞልቷል፦ በ1888 ዓ.ም. ምኒልክ ለዓድዋ ዘመቻ ሠራዊቱ ወረኢሉ እንዲከት ማወጃቸው፣ የበግ ጠጉር ተፈትሎ ባና እስኪሆን፣ የቦረና ሳይንት ጭላዳዎች። ለጓደኞቻችሁ ድምፃችሁን ከፍ አድርጋችሁ አንብቡት፤ ትንፋሽ የሚያሳጥር ዐረፍተ ነገር ካለ ለሁለት ቁረጡት።

ደረጃ 6፦ ከስድስት ሳምንት በኋላ እነዚያኑ ልጆች አዳምጡ

ታሪኩ አዲስ ይሁን፣ አጠያየቁ ግን ያው። ሁለቱን ወረቀቶች ጎን ለጎን አያይዟቸው፤ ፖርትፎሊዮው ይኸው ነው። በጉድኝት ማዕከሉ ስብሰባም ከሪፖርት ይልቅ እነዚህን ወረቀቶች ይዛችሁ ሂዱ። ከደሴ መምህራን ትምህርት ኮሌጅ ወይም ከመቅደላ አምባ ዩኒቨርሲቲ መካነ ሰላም ግቢ ሰው የምትጋብዙ ከሆነ፣ ንግግር እንዲያደርግ ሳይሆን አብሯችሁ ክፍል ገብቶ እንዲያይ ጠይቁት።

በ4ኛና በ5ኛ ክፍል ፊደል የማይለዩ ልጆች ሲገኙ ከትናንሾቹ ጋር አታስቀምጧቸው፤ ያፍራሉ፣ ይቀራሉም። ከመደበኛው ትምህርት በፊት ግማሽ ሰዓት ለብቻቸው ያዟቸው፣ በዚያው የብርድና የበረደ ካርቶን ጀምሩ፤ ለዕድሜያቸው የሚመጥነውን የክተቱን ታሪክ ደግሞ በንባብ ስጧቸው።